አክተሩ ማነው?

ቂርቆስ ባደግንበት ጊዜ፣ በ1980ዎቹ አጋማሽ፣ ቪዲዮ ቤት ገብቶ ፊልም ማየት የራሱ ሥርዓት ነበረው። ሃምሳ ሳንቲምህን ለበረኛው ትሰጣለህ፣ በሩ ላይ የተንጠለጠለውን ብርድ ልብስ ገለጥ አድርገህ ወደ ጨለማው ትገባለህ፣ አግዳሚው ላይ ተጠጋግተህ ትቀመጣለህ። ከዚያ አጠገብህ ያለውን ልጅ ገና መልኩን ሳታይ ትጠይቀዋለህ፤ ‹‹አክተሩ ማነው?››

የፊልሙን ርዕስ የሚጠይቅ አልነበረም። ዳይሬክተር የሚባል ፍጡር መኖሩንም አናውቅም። አክተሩ ከታወቀ ሌላው ሁሉ ቦታ ቦታውን ይይዛል። አክተር አይሞትም። አክተር ጥይት አያልቅበትም። አክተር ቢሰርቅም ቢገድልም ምክንያት አለው፤ ሌላው ቢሰርቅ ሌባ ነው። የአክተር ጓደኛ ግን ይሞታል፤ የሚሞተውም አክተሩ ተናዶ እንዲነሳልን ነው። እንግሊዝኛውን የሚሰማ ከመሀላችን ስላልነበረ ታሪኩን የምናቀናብረው በዚህ ሕግ ነበር። ደግሞ ብዙ ጊዜ ይሠራል!

ያ ጥያቄ ሰላሳ ዓመት ያህል ቆይቶ ካዛንቺስ ላይ ድጋሚ ገጠመኝ። በ2016 ዓ.ም. ክረምት አንድ ወዳጄ ከኡራኤል ብዙ በማይርቀው የቀበሌ ቤቱ ‹‹ኑ ፊልም እንይ›› ብሎ ጠራን። ፕሮጀክተር ተውሷል፤ ግድግዳው ላይ ነጭ አንሶላ ወጥሯል። አሥር ያህል ሰዎች ነበርን። አንድ ጠበቃ፣ ፋርማሲ የምትሠራው የወዳጄ እህት፣ ሁለት የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች፣ ዕድሜያቸውን ሲኒማ ቤት ቲኬት ሲቆርጡ የኖሩ ጡረተኛ ጎረቤት፣ ቡና ያፈሉልን የወዳጄ እናት፣ ሌሎችም። ጥቁርና ነጭ መሆኑ ሲታወቅ ከተማሪዎቹ አንዱ ‹‹ውይ፣ የአያቶቻችን ፊልም ነው እንዴ!›› አለ። ጡረተኛው አልወደዱለትም። ‹‹የኛም የመጀመሪያው ጥቁርና ነጭ ነው። ‹ሂሩት አባቷ ማነው?› በ1957 የወጣ። ፊልምን ፊልም የሚያደርገው ቀለም አይደለም፣ ልጄ›› አሉት። ልጁም ‹‹እሺ ጋሼ›› ብሎ ተደላድሎ ተቀመጠ።

ፊልሙ ‹‹ሦስተኛው ሰው›› ይባላል። እንግሊዞች እ.ኤ.አ. በ1949 የሠሩት የግድያ ምስጢር ነው፤ ፈረንሳዮች ‹‹ጥቁር ፊልም›› ብለው ስም ካወጡለት ወገን፣ ማለትም ሌሊት፣ ጥላ፣ ወንጀልና ንጹሕ ሰው የታጣበት ታሪክ ከሚበዛበት ዓይነት የሚመደብ። ዳይሬክተሩ ካሮል ሪድ፣ ጸሐፊው ታዋቂው ልቦለደኛ ግሬም ግሪን ናቸው። በዚያው ዓመት የካን ፌስቲቫልን ትልቁን ሽልማት ወሰደ። የካሜራ ባለሙያው ሮበርት ክራስከር ኦስካር አገኘበት። እ.ኤ.አ. በ1999 የብሪታንያ የፊልም ኢንስቲትዩት የሙያውን ሰዎች ሲያስመርጥ ከአገሪቱ ፊልሞች ሁሉ አንደኛ የወጣው እሱ ነበር። እንዲህ ተሸልሞና ተወድሶ ያለቀለትን ፊልም ‹‹ግሩም ነው›› ለማለት እኔ አላስፈልግም። እኔ ማንሳት የፈለግኩት ያን ቀን ማታ ስለተጣላንበት ነገር ነው።

መጀመሪያ ታሪኩን ላጫውታችሁ። ሆሊ ማርቲንስ የሚባል አሜሪካዊ አለ፤ ስለ ላም ጠባቂዎችና ስለ ሽፍቶች ርካሽ ልቦለድ እየጻፈ የሚኖር። ሃሪ ላይም የተባለው የልጅነት ጓደኛው ‹‹ሥራ አለኝ፣ ና›› ስላለው ወደ ቪየና ይመጣል። ጊዜው የሁለተኛው የዓለም ጦርነት ባበቃ ማግስት ነው። ከተማዋ ፈርሳለች፤ አሜሪካ፣ እንግሊዝ፣ ፈረንሳይና ሶቪየት ኅብረት ለአራት ተካፍለው ይዘዋታል። (ይህ አገዛዝ እስከ 1955 እ.ኤ.አ. ቆይቷል።) ማርቲንስ ሲደርስ ጓደኛው በራፉ ላይ መኪና ገጭቶት ሞቷል ይሉታል። ቀብሩ ላይ ይደርሳል። በቪዲዮ ቤታችን ሕግ የአክተሩ ጓደኛ ገና ከመነሻው ሞተ ማለት ነው። ስለዚህ አክተሩ ማርቲንስ ነው፤ አሁን ተናዶ ይነሳል።

እውነትም ይነሳል። በአደጋው ቦታ የነበሩት ሰዎች ‹‹አንስተን ወደ ዳር ያደረግነው ሁለት ሆነን ነው›› ይላሉ። የሕንጻው ዘበኛ ግን ከላይ በመስኮት ሲያይ የተሸከሙት ሦስት ነበሩ። ሦስተኛው ማነው? ዘበኛው ለፖሊስ አልተናገረም፤ መነካካት አልፈለገም። በኋላ ግን ሆዱ አላስችል ብሎት ለማርቲንስ ‹‹ማታ ና፣ እነግርሃለሁ›› ይለዋል። ማታ ሲመጣ ዘበኛው ተገድሎ፣ መንደርተኛው በር ላይ ተሰብስቦ ያገኛል። ይባስ ብሎ አንድ ኳስ የያዘ ሕፃን ጣቱን ወደ ማርቲንስ ይቀስራል።

ፊልሙ ሰባ አምስት ዓመት ስላለፈው ምስጢሩን ባወጣ ቅር የሚለው አይኖርም። ሦስተኛው ሰው ራሱ ሃሪ ነው። አልሞተም። በሣጥኑ ውስጥ የተቀበረው ሌላ ሰው ነው። ሃሪ ከወታደራዊ ሆስፒታሎች የሚሰረቅ ፔኒሲሊን እያቀጠነ ይቸበችብ ነበር። ያን ጊዜ ፔኒሲሊን ብርቅ ነው፤ ሲቪሉ ሕዝብ እንደልቡ አያገኘውም። በማጅራት ገትር የታመሙ ሕፃናት ይህን የቀጠነ መድኃኒት ተወግተው የሞተው ሞቷል፣ ያልሞተውም አእምሮው ተጎድቷል። እንግሊዛዊው ሻለቃ ካሎዌይ ይህን ሁሉ በማስረጃ አስደግፎ ለማርቲንስ ያሳየዋል። ከዚህ በኋላ ያለው ፊልም የአንድ ጥያቄ ፊልም ነው፤ ጓደኛህን አሳልፈህ ትሰጣለህ ወይስ አትሰጥም?

ፊልሙ አለቀ፤ መብራት በራ። ወዳጄ ለጨዋታ ያህል የድሮውን ጥያቄ ወረወረ። ‹‹እሺ፣ አክተሩ ማነው?›› አንድም ሰው ማርቲንስ አላለም። ከአሥራችን ስምንቱ ‹‹ሃሪ!›› አልን። እኔም ብያለሁ። ተማሪዎቹ የሃሪን ፈገግታ እያስመሰሉ ይስቁ ነበር። ‹‹ልጁ ተጫዋች ነው፤ ያኛው ግን ደረቅ ነው›› አሉ የወዳጄ እናት ስኒ እየሰበሰቡ። ልብ በሉ፤ ስለ ሕፃናቱ ከተነገረን ገና አንድ ሰዓት አልሞላንም።

ይህ ነገር ከዚያ በኋላ ብዙ ቀን አሳሰበኝና ፊልሙን ብቻዬን ሁለት ጊዜ ደግሜ አየሁት። ሪድ ሃሪን እንድንወድለት እንዴት አድርጎ እንደደገሰልን ያኔ ተገለጠልኝ። ሃሪን የሚጫወተው ኦርሰን ዌልስ ፊልሙ ከአንድ ሰዓት በላይ ከተጓዘ በኋላ ነው የሚታየው። እስከዚያ ድረስ ሰው ሁሉ ስለሱ ያወራል፤ ጨዋታው፣ ብልሃቱ፣ ለጓደኛ ያለው ፍቅር። ለቀብር የሄድንበትን ሰው ሳናየው ናፍቀነዋል። ከዚያ አንድ ሌሊት ድመት መጥታ በር ሥር የቆመ ሰው ጫማ ላይ ትቀመጣለች። ከላይ የአንድ ጎረቤት መስኮት ይበራና ብርሃኑ ፊቱ ላይ ይወድቃል። ሃሪ ነው! ፈገግ ይላል። ዚተሩም አብሮት ይስቃል። ይህ ዚተር እንደ ክራር የሚገረፍ፣ ግን ጠረጴዛ ላይ አስተኝተው የሚጫወቱት የነሱ አገር መሣሪያ ነው። የተጫወተው አንቶን ካራስ የቪየና የወይን ጠጅ ቤት ሙዚቀኛ ነበር፤ እንደኛ ቢሆን የአዝማሪ ቤት ሰው ማለት ነው። ሪድ እዚያው አገኘውና የፊልሙን ሙዚቃ በሙሉ ለአንድ ሰው፣ ለአንድ መሣሪያ ሰጠው። ሞትም ይሁን ማባረር ዚተሩ ግድ አይሰጠውም፤ እንደ ሃሪ እየተፍለቀለቀ ያልፋል።

ሕፃናቱስ? አንድም ጊዜ አናያቸውም። ካሎዌይ ማርቲንስን ወደ ሕፃናት ሆስፒታል ይወስደዋል፤ ካሜራው ግን አልጋዎቹ ውስጥ አይገባም። የምናየው የማርቲንስን ፊት ሲጠቁር፣ የነርሶቹን ዝምታና የልጅ መጫወቻ የሆነች የጨርቅ ድብ ብቻ ነው። ስለ ፊልሙ የጻፉ ሰዎች ይህን ጨዋነት ይሉታል፤ ልቅሶ ሳይጠራ ሐዘን ማሳየት። እኔ ግን ያን ማታ ‹‹ስህተት ነው›› ብዬ ተከራከርኩ። ወንጀለኛውን በድመትና በመብራት አስውበህ ስታሳየኝ ቆይተህ ተጎጂውን ከደበቅክብኝ፣ እኔ ተመልካቹ ለማን ላድላ?

የፋርማሲዋ ሴት ግን አልተስማማችም። ከሁላችን ሃሪን ‹‹አክተር›› ያላለችው እሷና ጠበቃው ነበሩ። ‹‹ትክክል ነው ያደረገው›› አለች። ‹‹እኔ ሥራ ላይ ሰውን ሳየው የማየው ልክ እንደዚህ ነው። መድኃኒቱን የሚያመጣው ሰው ፊት አለው፣ ስም አለው፣ ጨዋታ አለው። የሚወስደው ሰው የለም፤ ያለው ወረቀት ነው።›› ቀጥላም የቀጠነ መድኃኒት ምን እንደሚያደርግ አስረዳችን። ጀርም የሚገድል መድኃኒት ሲቀንስ ጀርሙ አይሞትም፣ ይደነግጣል እንጂ፤ ከድንጋጤው ሲነቃ መድኃኒቱን ለምዶታል። ሐኪሙ ደግሞ በሽተኛው መድኃኒቱን ወስዷል ብሎ ስለሚያስብ ‹‹አልሠራም›› ብሎ ሌላ በሽታ ይፈልጋል። በዚያ መሀል ጊዜው ያልፋል። ‹‹መድኃኒት የለም ቢባል እኮ ሰው ሌላ ቦታ ይሮጣል›› አለች። ‹‹አለ ተብሎ የሌለ ሲሆን ነው የሚገድለው።››

ቤቱ ጸጥ አለ። ነገሩ ቪየና ውስጥ ብቻ እንዳልሆነ ሁላችንም ስለምናውቅ ይመስለኛል። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2017 ባወጣው ግምት በአነስተኛና በመካከለኛ ገቢ አገሮች ካሉ የሕክምና ምርቶች ከአሥሩ አንዱ ወይ ከደረጃ በታች ወይ ጭራሽ አስመስሎ የተሠራ ነው። በእኛም አገር የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112/2011 ይህን ሥራ ይከለክላል፣ ይቀጣልም። ሕግ አለ። ግን ሃሪም እኮ ሕግ ጠፍቶ አይደለም።

እንግዲህ እዚህ ላይ የራሴን ላውጣ፤ ካልተናገርኩ የዚህ ጽሑፍ ግማሹ ውሸት ይሆናል።

ሠፈራችን ውስጥ አንድ ሰው ነበር። ስሙን አልጠራም። በየፋርማሲው ‹‹አልቋል›› የተባለ መድኃኒት እሱ ዘንድ አይጠፋም። ‹‹ከውጭ የሚመጣ ሰው አለኝ›› ይላል። ዋጋው ውድ ነው፤ ግን ለተቸገረ በዱቤ ይሰጣል፣ ለአሮጊት ይቀንሳል። ሰርግ ላይ ድንኳን ሲተከል ቀድሞ የሚደርሰው፣ ልቅሶ ላይ እስከ ሠልስት ከድንኳኑ የማይጠፋው እሱ ነው። አባቴ ሲሞት ወጪውን ‹‹ኋላ ትከፍለኛለህ›› ብሎ የሸፈነልኝ እሱ ነው፤ ኋላ ልከፍለው ስሄድ ‹‹አታዋርደኝ›› ብሎ ገንዘቤን መለሰልኝ። ጨዋታው ሲነሳ ሃሪ ላይም አጠገቡ አይደርስም።

አንድ ቀን ሳላንኳኳ ቤቱ ገባሁ። ጠረጴዛው ላይ ጥጥና አልኮል ነበረ፤ የተደረደሩ ትንንሽ ብልቃጦችም ነበሩ። የማብቂያ ቀናቸውን እያጠፋ ነበር። አየኝ፤ አየሁት። ‹‹ፈረንጅ እኮ ለጥንቃቄ ብሎ ነው ቀን የሚጽፈው፤ ዕቃው አይበላሽም›› አለና ሳቀ። እኔም ሳቅሁ። ቡና ጠጥተን፣ ስለ ኳስ አውርተን ወጣሁ። ለማንም አልተናገርኩም። እነዚያ ብልቃጦች ለማን ሄዱ? ምን አደረጉ? ምናልባት ምንም አላደረጉ ይሆናል። ምናልባት። እኔ የማውቀው አንድም ሕፃን የለም፤ ስለዚህ ማታ ተኝቼ አድራለሁ።

ፊልሙ ውስጥ በጣም የታወቀው ትዕይንት ይኸው ነው። ሃሪና ማርቲንስ የቪየናውን ትልቅ የመዝናኛ መንኮራኩር ተሳፍረው ወደ ላይ ይወጣሉ። ሃሪ በሩን ከፍቶ ቁልቁል እያሳየው፣ እዚያ ታች ከሚንቀሳቀሱት ነጥቦች አንዷ መንቀሳቀሷን ብታቆም በእርግጥ ታዝንላታለህ ወይ ይለዋል፤ ለእያንዳንዷም የሚከፈል ዋጋ ይጠራለታል። በመጀመሪያው ዕይታዬ ይህን የሰማሁት እንደ ክፉ ሰው ፍልስፍና ነበር። በሁለተኛው ሳየው ደነገጥኩ። መንኮራኩሩ ላይ የወጣው ሃሪ ብቻ አይደለም፤ ካሜራውም አብሮት ወጥቷል። ሕፃናቱን ያላሳየን ፊልም እኛንም ከላይ አስቀምጦን ነበር። ‹‹ሃሪ!›› ብለን ስንጮህ ከዚያ ከፍታ ሆነን ነበር የጮህነው። የፋርማሲዋ ሴት ትክክል ነበረች። ካሮል ሪድ ሕፃናቱን አሳይቶን ቢሆን ኖሮ አልቅሰን፣ ሃሪን ረግመን፣ ‹‹እኛ ደህና ሰዎች ነን›› ብለን እንወጣ ነበር። ክርክሬን እዚህ ላይ አንስቻለሁ።

የዘበኛውን ነገር ግን በቀላሉ ማለፍ አልቻልኩም። እኛ አገር ስለ ዝምታ ብዙ ተብሏል። ዝም አይነቅዝም እንላለን፤ ከአፍ ከወጣ አፋፍ እንላለን። ጋዜጣ ላይ ተቀምጦ ‹‹ሕዝባችን ያየውን አይናገርም›› ብሎ መውቀስ ቀላል ነው። ፊልሙ ግን ለእንዲህ ዓይነቱ ወቀሳ አይመችም። ዘበኛው ዝም ሲል ኖረ፤ ሊናገር ሲል ሞተ። የተናገረውን ሰው የሚጠብቀው በሌለበት ከተማ ‹‹ተናገር›› ማለት ‹‹ሙት›› ማለት ሊሆን ይችላል። ጠበቃው ወዳጃችን ይህን ሲሰማ ራሱን ነቀነቀ። ‹‹ምስክር ቀርቦ ‹አላየሁም› ሲል ዳኛው ይቆጣል። የሚያድረው ግን እዚያው ሠፈር ነው›› አለ። እኔ ግን ከዘበኛው ጋር ራሴን አላወዳድርም። እሱ የፈራው ለነፍሱ ነበር። እኔ የፈራሁት ወዳጄን እንዳላስቀይም ነበር። ውለታ አፍ ለመዝጋት ከሽጉጥ አያንስም፤ ደግሞ ድምፅ የለውም።

በዚህ ሁሉ ላይ የሚከራከረኝ ሰው ፊልሙ ውስጥ አለ፤ አና የምትባለው የሃሪ ፍቅረኛ። አሊዳ ቫሊ ናት የምትጫወታት። አና ፓስፖርቷ የሐሰት ነው፤ የሠራላት ሃሪ ነው። ሶቪየቶች ሊወስዷት ይፈልጋሉ፤ ለነሱ አሳልፎ የሰጣትም ራሱ ሃሪ መሆኑን ፊልሙ አይሸሽግም። ስለ መድኃኒቱም ሁሉን ሰምታለች። ሆኖም አትከዳውም። ሰው ስለሱ ብዙ ስላወቅህ ብቻ ሌላ ሰው አይሆንም ባይ ናት። ማርቲንስ ‹‹ሃሪን አስይዤ አንቺን ላድን›› ብሎ ሲዋዋልላት ዳንሽ የተባለችውን ባቡር ትታ ትወርዳለች። የወዳጄ እናት እዚህ ላይ ነበር ወገናቸውን የለዩት። ‹‹እሷ ናት ሰው!›› አሉ። ‹‹አብሮ የበላ ይከዳል እንዴ?›› ልጃቸው፣ የፋርማሲዋ ሴት፣ ‹‹እማዬ፣ የሞቱት ልጆችስ?›› ብትላቸው ‹‹እነሱንም እግዜር ይማራቸው። ግን እሱን የሚይዘው ፖሊስ ነው እንጂ ፍቅረኛው ናት?›› አሉ። እውነቱን ለመናገር መልስ አላገኘንላቸውም። ዛሬም እዚህ ወረቀት ላይ አላገኘሁም።

ሪድም መልሱን ሳይደፍነው ነው የጨረሰው። ማርቲንስ በመጨረሻ ይስማማል፤ ሃሪ በወጥመዱ ይገባል፤ የከተማዋ የፍሳሽ ቦይ ውስጥ ለውስጥ ያሳድዱታል። ሃሪ አንድ ሳጅን ይገድላል። ቆስሎ በደረጃው ተንፏቅቆ ጣቶቹን በመንገዱ ፍርግርግ በኩል ወደ ላይ ይዘረጋል፤ ነፋስ ብቻ ያገኛቸዋል። የመጨረሻዋን ጥይት የሚተኩሰው ማርቲንስ ነው። ሃሪ ሁለተኛ ይቀበራል፤ አሁን በእውነት። ከቀብር መልስ ማርቲንስ ረጅሙ የዛፍ መንገድ ዳር ቆሞ አናን ይጠብቃታል። ከሩቅ ትመጣለች፤ ትመጣለች፤ ካሜራው አይንቀሳቀስም። ዞር ብላ ሳታየው በአጠገቡ አልፋ ትሄዳለች። ግሬም ግሪን መጨረሻው በእርቅ እንዲያልቅ ፈልጎ ነበር፤ ሪድ እንቢ አለ፤ ግሪን ራሱ በኋላ ሪድ ትክክል እንደነበር ጽፏል። የኛ ሲኒማ ቤት ቢሆን ኖሮ ሁለቱን አንድ መኪና ውስጥ አስገብተን፣ ሙዚቃ ለቀን፣ ቀለበት አሳይተን እንጨርስ ነበር። ተመልካች ከፍሎ ገብቶ ባዶ እጁን አይውጣ እንላለን። ሪድ ግን እውነት የተናገረ ሰው ሽልማት አያገኝም አለ። ጓደኛውንም አጣ፣ ሴቲቱንም አጣ፣ መንገዱ ዳር ሲጋራ እየለኮሰ ቀረ። ‹‹ተናገር›› የሚለኝ ፊልም ዋጋውን ሳይደብቅ ስለነገረኝ አመንኩት።

አንድ ነቀፌታ ግን አለኝ፤ እሱን ያነሳልኝም ካዛንቺስ ነው። ቪየናውያን በገዛ ከተማቸው እንግዳ ሆነው ነው የሚታዩት። ካሜራው እያዘመመ ፊታቸውን ሲያሳየን ሁሉም ተጠርጣሪ ይመስላል። ጀርመንኛቸው አይተረጎምም። ማርቲንስ ስለማይሰማ እኛም እንዳንሰማ ተደርጓል። (ለቂርቆስ የቪዲዮ ቤት ምሩቅ ይህ አዲስ ነገር አይደለም፤ ያልተተረጎመ ፊልም እያየን ነው ያደግነው።) ስለ ከተማዋ የሚወስኑት፣ የሚገዳደሉትና የሚፋቀሩት በአብዛኛው ከሌላ አገር የመጡ ናቸው። ካዛንቺስ ስሟን ያገኘችው ከጣሊያን ነው። በወረራው ዘመን ለመንግሥት ሠራተኞች ቤት ይሠራ የነበረው ‹‹ኢንቺስ›› የተባለው ተቋም ቤቶች፣ ‹‹ካዜ ኢንቺስ››፣ በኛ አፍ ካዛንቺስ ሆኑ። ጣሊያን ሄደ፤ ስሙን ያገሩ ሰው አላምዶ የራሱ አደረገው፤ አዝማሪ ቤት፣ ቡና ቤት፣ ሥጋ ቤት፣ ዕድርና ዕቁብ ሞላበት። ፊልሙ ውስጥ ይህ ጠፍቶኛል። ያ ዘበኛ ከሞተ በኋላ ማን ቀበረው? ዕድርተኛው ምን አለ? ሪድ አልጠየቀም።

እኛ ፊልሙን ያየንበት ቤት ዛሬ የለም። በ2017 ዓ.ም. መጀመሪያ የኮሪደር ልማቱ ወደ ካዛንቺስ ሲዞር ሰፈሩ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ተነሳ። ወዳጄም ከነእናቱ ከብዙ ጎረቤቶቹ ጋር ወደ ገላን ጉራ ሄደ። የቪየናን ፍርስራሽ ቦምብ ነው የሠራው፤ የካዛንቺስን ዕቅድ ነው፤ ሁለቱን አንድ ናቸው አልልም። አዲሱ ቤታቸው ውኃም መታጠቢያም በውስጡ አለው፤ እናትየው እሱን አመስግነዋል። ግን አንድ ነገር ገርሞኛል። ሠፈር ሲበተን ማን ማን እንደሆነ የሚያውቀውም አብሮ ይበተናል። ‹‹ከሱ አትግዙ›› የምትለው ጎረቤት ሌላ ብሎክ ደርሷታል፤ የሚገዛው አዲስ ጎረቤት ደግሞ አያውቅም።

ባለፈው እዚያው ለልቅሶ ሄጄ ነበር። ድንኳን ውስጥ ገና ከመግባቴ አንድ ሰው ከወንበሩ ተነስቶ እጁን ዘረጋልኝ። ያ ሰውዬ ነው። ትንሽ ሸብቷል እንጂ ፈገግታው ያው ነው። አቀፈኝ፤ አቀፍኩት። ስለ አባቴ አንስቶ ‹‹ነፍሱን ይማረው፣ ደግ ሰው ነበር›› አለኝ። ንፍሮ እየቆረጠምን ስለ ድሮው ሠፈር አወራን፤ አሳቀኝ። ስነሳ ‹‹እዚህም መድኃኒት ቸግሯል፤ የሚፈልግ ካለ ስልኬን ስጥ፣ ያው ነኝ›› አለና ቁጥሩን አስመዘገበኝ።

አጠገቡ ተቀምጣ የነበረች፣ ሕፃን ያዘለች የማላውቃት ሴት ‹‹ለኔም ይስጡኝ እስቲ›› ብላ ስልኳን አወጣች። እሱም ሊነግራት አፉን ከፈተ። እኔ መሀል ገብቼ ‹‹ቆይ እህቴ፣ አንዴ ውጭ ላነጋግርሽ›› አልኳት። የሰውዬውን ፊት አላየሁትም። ከድንኳኑ ወጥተን የነገርኳት ከአምስት ደቂቃ አይበልጥም። ከሱ ስለ መግዛትና ስላለመግዛት ብቻ ነው የነገርኳት፤ ለሚመለከተው አካል መናገር የሚባለው ገና ከፊቴ አለ። ስመለስ ወንበሩ ባዶ ነበር። የወዳጄ እናት ከሩቅ አዩኝና ፊታቸውን አዞሩ።